ድራማችን አለቀ፤ ምስጋናዬ ግን ገና ነው

ውድ ተመልካቾቻችን፣ ውድ የሥራ ባልደረቦቼ፦

የመጨረሻው ክፍል ባለፈው ሳምንት ተላለፈ። ከዚያ ወዲህ ስልኬ አላረፈም። ለእያንዳንዳችሁ መልስ መስጠት ስላልቻልኩ እዚሁ ሁላችሁንም ላመስግን።

ብዙዎቻችሁ «መጻፉንም መተወኑንም እንዴት ቻልሽው?» ብላችሁኛል። ብቻዬን አልቻልኩትም። ቀን ቀረጻ ላይ ውዬ ማታ የሚቀጥለውን ክፍል እጽፋለሁ። ጽሑፉ ከዘገየ ተዋናዩም፣ ካሜራውም፣ ኤዲተሩም ሥራ ይፈታል። ያን ሁሉ ጊዜ አንድም ሰው ፊቱን አላጠቆረብኝም።

ከሁሉ በፊት እናቴን ሆነው የተጫወቱት እትዬ ይመስገኑ። ልጃቸው ከእስር ተፈትቶ ቤት ሲገባ የሚሉትን ረጅም ንግግር ጽፌላቸው ነበር። ግማሽ ገጽ ይሆናል። አነበቡትና መነጽራቸውን አወለቁ። «ልጄ፣ እናት እንዲህ ጊዜ ይሄን ሁሉ አታወራም» አሉኝ። ሁሉንም ሰረዝነው። ካሜራው ሲነሳ «በልተሃል?» አሉት፤ መልሱን እንኳ ሳይጠብቁ መሶቡን ከፈቱ። መብራት የያዘው ልጅ ፊቱን አዙሮ አለቀሰ። ከቤሩትና ከዱባይ የጻፋችሁልን እህቶች አብዝታችሁ ያነሳችሁትም ይህንኑ ትዕይንት ነው። ምስጋናው የእትዬ ነው።

ወረቀት ላይ ያማረ ቃል አፍ ውስጥ ሲገባ ሊከብድ እንደሚችል ያስተማረኝ ትወና ነው። እየጻፉ የመተወኑን መንገድ የጀመርኩት ግን እኔ አይደለሁም። አሜሪካዊቷ ኢርና ፊሊፕስ እ.ኤ.አ. በ1930 ቺካጎ ውስጥ የሬዲዮ ተከታታይ ድራማ ስትጽፍ ራሷም ትተውንበት ነበር። በኋላም የሁሉንም ገጸ ባሕርያት ንግግር ራሷ እየተወነች ለቢሮ ጸሐፊዋ ታስጽፍ ነበር። «ጋይዲንግ ላይት» የተባለው ድራማዋ በ1937 በሬዲዮ ተጀመረ፤ በ1952 ወደ ቴሌቪዥን ተሻግሮ እስከ 2009 ዘለቀ። እኔም ማታ ማታ ድምፄን እየቀያየርኩ ነው የምጽፈው። እንቅልፋችሁን ያጣችሁልኝ ቤተሰቦቼ፣ እግዜር ይስጥልኝ። በአገራችንም የሴትን ቦታ ወንዶች በሚጫወቱበት ዘመን አስናቀች ወርቁ ደፍረው መድረክ ላይ ባይወጡ ኖሮ የእኛ ነገር ምን ይሆን ነበር?

የድምፅ ባለሙያችን ወንድሜ፣ አንተንም አልረሳሁህም። ክረምት ላይ ቆርቆሮው ሲንጫጫ ሥራውን በትነን ልንሄድ ስንል «ዝናቡን ለምን አትጽፊውም?» ያልከኝ አንተ ነህ። እዚያው ቆሜ «ይሄ ዝናብ ዛሬ አያስወጣንም» የሚል ቃል ጨመርኩ። ሁለቱ ተጣልተው የኖሩ እህትማማቾች አንድ ክፍል ውስጥ የዋሉት በዚያ ምክንያት ነው። ሳሎናቸውን ለቀው ጓዳ የከረሙት የቤቱ ባለቤትም ውለታቸው አለብን። በየቀኑ ቡና አፍልተውልናል፤ ጾም ሲሆን ሽሮው አይቀርም ነበር።

እናንተ ተመልካቾች ደግሞ ታክሲ ውስጥ በገጸ ባሕርይዬ ስም እየጠራችሁ ተቆጥታችሁኛል። ሾላ ገበያ ሽንኩርት ልገዛ ስል አንዲት እናት «መጀመሪያ እህትሽን ይቅርታ ጠይቂ፣ ያለዚያ አልሸጥልሽም» አሉኝ። ከልባቸው ነበር። የይቅርታውን ክፍል የጻፍኩት እሳቸውን እያሰብኩ ነው። እማማ፣ አይተውት ከሆነ በዚህ ቅዳሜ ሽንኩርቴን ልገዛ እመጣለሁ።

አክባሪ እህታችሁ