ክሬሙን አልልክልሽም

ሚጥዬ የኔ ቆንጆ፣

እኔ ደህና ነኝ። ሥራም ጤናም ደህና ነው። ሰላምታውን በዚህ ልለፈው፤ የላክሽልኝን የድምፅ መልእክት ከሰማሁ ወዲህ ሆዴ አላርፍ ብሎኛል።

ገንዘቡን ልኬዋለሁ፤ ዛሬ ነገ ይደርስሻል። የሰርግ ቀሚስሽን ክፈይበትና የተረፈውን ለአባዬ ሕክምና አድርጊው። የፊት ማቅለያ ክሬሙን ግን አልላክሁም። አልልክምም። በስልክ ላስረዳሽ ስሞክር "አንቺ ቀይ ነሽ፣ ምን ይገባሻል?" ብለሽ ዘጋሽብኝ። ደብዳቤ መሀል ላይ አይዘጋምና ይህን እስከ መጨረሻው አንብቢልኝ።

ከእጮኛሽ ጋር የተነሳሽውን ፎቶ አየሁት። አለቀስኩ፤ በደስታ ነው፣ አትጨነቂ። ሁሉም ሰው ካሜራውን ሲያይ እሱ አንቺን ነው የሚያየው። አስተውለሽዋል? አብራችሁ ተምራችኋል። በፀሐይም በጥላም አይቶሻል። የመረጠሽ በጨለማ አይደለም። ታዲያ አክስቱ "ጥሩ ልጅ ናት፣ ትንሽ ፈካ ብትል ኖሮ" ስላለች ነው ፊትሽን የምትቀይሪው? እማዬም "ለአንድ ቀን ነው፣ ምን አለበት" ብላለች አልሽኝ። ለአንድ ቀን አይደለም እኮ።

ማታ ማታ በአንድ የቆዳ ክሊኒክ እሠራለሁ። ምን እንደምሠራ አትጠይቂኝ፤ ሥራ ነው፣ አይከብድም። እዚያ ጉንጫቸው ላይ ወደ ሰማያዊ የሚያደላ ጥቁር ነጠብጣብ ይዘው የሚመጡ ሴቶች አያለሁ። ፊታቸውን በሻርፕ ሸፍነው ነው የሚገቡት። ነርሶቹን ጠየቅኳቸው። ብዙ ጊዜ ነገሩን የሚያመጣው ማቅለያ ክሬም ውስጥ ያለው ሃይድሮኪኖን ነው አሉኝ። ያለ ሐኪም ትእዛዝ ለረጅም ጊዜ ሲቀቡት፣ ያቀላል የተባለው መልሶ ያጠቁራል። ያ ጥቁረት ደግሞ በቀላሉ አይለቅም። አንዳንዱ ክሬም ውስጥ ስቴሮይድ የሚባል ጠንካራ መድኃኒት አለ፤ ቆዳን ያሳሳል። ከሁሉ የሚከፋው ሜርኩሪ ነው። በቆዳ ገብቶ ኩላሊት ይጎዳል። ነፍሰ ጡር ለሆነች ሴት ደግሞ ለፅንሱም ይተርፋል። አንቺ ቶሎ ልጅ እፈልጋለሁ ስትይኝ አልነበር?

እ.ኤ.አ. በ2013 አገሮች ሜርኩሪን ለመቀነስ የሚናማታ ስምምነት የሚባለውን ሲፈራረሙ፣ እንዲቀሩ ከተባሉት ዕቃዎች መካከል ሜርኩሪ ያለባቸው ማቅለያዎች ነበሩ። አሁንም ግን ይሸጣሉ። ዕቃው ላይ ምን እንዳለበት ብዙ ጊዜ አይጻፍም። አንቺ "ይሄኛውን ግዢልኝ" ብለሽ ፎቶውን የላክሽልኝን አገላብጬ አየሁት። ስለ ይዘቱ አንድ መስመር የለውም። ያንን ፊትሽ ላይ ቀቢ ብዬ ልላክልሽ? እጄ እንዴት እሺ ይለኛል?

እሺ፣ ወደ ነገርሽኝ ነገር ልምጣ። ቀይ ነሽ ላልሽኝ።

እውነትሽን ነው። እንግዳ በመጣ ቁጥር የሚሞገሰው የኔ መልክ ነበር። "ይቺ እናቷን ወጥታ እንዴት ታምራለች!" ይሉና ወደ አንቺ ዞረው "ይቺኛዋስ የማን ናት?" ይላሉ። አንቺ ከአባዬ እግር ኋላ ትደበቂያለሽ። አባዬ እጁን ወደ ኋላ ሰዶ ራስሽን ይዳብስሻል። እኔ ያኔ ልጅ ነበርኩ ሚጥዬ። ያንን ቃል እኔ አላመጣሁትም። በኔ አትፍረጂ። ግን ልንገርሽ፣ እስከ ዛሬ ድረስ ሰው መልኬን ሲያደንቅ ካንቺ ላይ ተቀንሶ የተሰጠኝ ይመስለኛል። ልቤ ሞልቶ ደስ ብሎኝ አያውቅም።

ደሞ "የማን ናት" ማለት ምን ማለት ነው? ልጅ ከእናቱ ግማሽ፣ ከአባቱ ግማሽ ይወስዳል። የትኛው ግማሽ እንደሚደርሰው ግን ዕጣ ነው። ከአንድ እናትና አባት የተወለዱ ሁለት ልጆች እንኳ ከወላጆቻቸው ከወረሱት ጂን የሚጋሩት በአማካይ ግማሹን ነው። የቆዳን ቀለም የሚወስነው ደግሞ አንድ ጂን ብቻ አይደለም፤ ብዙ ናቸው። የእናት ሆድ ዥንጉርጉር የሚባለው ወዶ አይደለም። ቀለም የሚሠሩት ሴሎች ብዛት እኮ በኔና ባንቺ ቆዳ ውስጥ ይህን ያህል አይለያይም። የሚለየው የሚያመርቱት ሜላኒን መጠንና ዓይነት ነው። ያ ሜላኒን ደግሞ ቆዳሽን ከፀሐይ ጨረር የሚጠብቅልሽ ነው። ስታቃጥይው የምታጠፊው እሱን ነው።

እዚህ ደግሞ እኔን ቀይ የሚለኝ የለም። ቅጽ ስሞላ "ጥቁር" የሚል ሳጥን አለ፤ ምልክት የማደርገው እሱ ላይ ነው። አንቺም ብትመጪ እዚያው ሳጥን ላይ ነው። ቤታችን ውስጥ ስንት ዓመት ሲለካና ሲመዘን የኖረው ልዩነት፣ ከአውሮፕላን ስወርድ ማንም አላየውም። ሥራ ቦታ ከሌላ አፍሪካዊት ጋር ያምታቱናል። እሷ ከኔ በጣም ትረዝማለች፤ ፊታችንም አይገናኝም። መጀመሪያ ይከፋኝ ነበር። በኋላ ሳነብ፣ ማልፓስና ክራቪትዝ የሚባሉ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ1969 ይህንኑ ፈትነውታል። ሰው የራሱን ወገን ፊት በደንብ ይለያል፤ የሌላው ይመሳሰልበታል። እኔም እንደመጣሁ ፈረንጆቹ ሁሉ አንድ ይመስሉኝ ነበር። ይህን የምነግርሽ ተበደልኩ ለማለት አይደለም። ያቺ አክስት "ፈካ ብትል" ያለችው መለኪያ ከአንድ ቦታ ወደ ሌላ ቦታ እንኳ የማይሻገር መሆኑን እንድታውቂልኝ ነው።

እሷስ ብትሆን ስንት ደቂቃ አይታሽ ነው? እ.ኤ.አ. በ2006 ዊሊስና ቶዶሮቭ ያወጡት ጥናት አለ። ለሰዎች የማያውቁትን ሰው ፊት ለአንድ አሥረኛ ሰከንድ ብቻ አሳዩ። ሰዎቹ በዚያች ቅጽበት ይታመናል አይታመንም፣ ጎበዝ ነው አይደለም ብለው ፈረዱ። ተጨማሪ ጊዜ ሲሰጣቸው ፍርዳቸው ብዙም አልተለወጠም፤ እርግጠኝነታቸው ነው የጨመረው። አክስትየዋም እንደዚያ ነው ያየችሽ። አንቺ ግን ያንን ቅጽበት ዕድሜ ልክሽን ልትሸከሚው ነው።

አንድ ሌላ ነገር ልጨምርልሽ። ፊት አይቶ ወንድ ነው ሴት ነው የሚል የኮምፒውተር ፕሮግራም አለ። ጆይ ቡኦላምዊኒና ትምኒት ገብሩ እ.ኤ.አ. በ2018 ፈተኑት። ነጣ ያሉ ወንዶች ላይ ስህተቱ ቢበዛ 0.8 በመቶ ነበር። ጠቆር ያሉ ሴቶች ላይ ግን እስከ 34.7 በመቶ ደረሰ። ይህ ሲወጣ የታረመው ፕሮግራሙ ነው። ለሴቶቹ ማንም "ቅሉና ኑ" አላላቸውም። ይህን ሳነብ አንቺን አሰብኩ።

ሚጥዬ፣ እዚህ ምን እንደሚናፍቀኝ ታውቂያለሽ? መንገድ ላይ አንድ ሽማግሌ አስቁመውኝ "አንቺ የእገሌ ልጅ አይደለሽም?" እንዲሉኝ። ድሮ ያ ያናድደኝ ነበር። የትም ብንሄድ ፊታችን ቀድሞን ይነግርብን ነበራ። እዚህ ፊቴ የማንም አይደለም። አባዬን የሚያውቅ፣ እማዬን ያየ፣ አያታችን በወጣትነታቸው እንዲህ ነበሩ የሚል አንድ ሰው የለም። ስስቅ "ልክ እንደ እናቷ" የሚል የለም። ስቆጣም የለም። እናቷን ወጣች የተባልኩት እኔ፣ ሲደክመኝ ቅንድቤ መሀል የምትታየው መስመር የአባዬ መሆኗን ያወቅሁት እዚህ መጥቼ ነው። መታጠቢያ ቤት ቆሜ አያታለሁ። አንዳንዴ ሆን ብዬ ግንባሬን እቋጥራለሁ፣ እሱን ለማየት። አንቺ በየቀኑ መስተዋት ስታዪ ሙሉውን ነው የምታገኚው። እኔ አንዲት መስመር ነው ያለችኝ።

አሁን ስለ አባዬ። "ኔትወርክ ነው፣ ካሜራው እምቢ አለ" ስትሉኝ አምኜ ነበር። ፊቱ በአንድ ጎን መውደቁን አሁን ነው የነገርሽኝ። ለምን ደበቃችሁኝ? በሩቅ ሆና ከምትጨነቅ ብላችሁ መሆኑን አውቃለሁ። እኔም ስንቱን እደብቃችኋለሁ። ግን አባቴ ነው።

ሐኪሙ "ስትሮክ አይደለም፣ የፊት ነርቭ ነው" ማለቱን ስትነግሪኝ ትንሽ ተነፈስኩ። በታመመው በኩል ግንባሩን መቋጠር አይችልም፣ ዓይኑም አይከደንም ብለሽኛል። እዚህ ያለችው ነርስ ስትሮክ ሲሆን ብዙ ጊዜ ግንባር አይነካም አለችኝ። የሐኪሙን ቃል የሚደግፍ ነው። ቤል ፓልሲ ይሉታል፤ ቻርለስ ቤል በሚባል የስኮትላንድ ሐኪም ስም ነው የተጠራው። አብዛኛው ሰው በሳምንታትና በወራት ውስጥ ይድናል። መድኃኒቱን ገና በመጀመሪያዎቹ ቀናት መጀመሩ በጣም ጥሩ ሆነ። ይህን ለእሱም ንገሪው፤ ደጋግመሽ ንገሪው። ዓይኑን ደግሞ አደራ። ቀን ጠብታው አይቋረጥ። ማታ ሲተኛ ሐኪሙ ያሳየሽን ቅባት አድርጊለትና ዓይኑ ተከድኖ በፕላስተር ይያዝ። የማይከደን ዓይን ይደርቃል፤ ይቆስላል።

"ፎቶ ውስጥ አልገባም፣ የልጄን ሰርግ አላበላሽም" ማለቱን ግን መቋቋም አቃተኝ። ሰው ሁሉ ፊቱን አይቶ ተኮሳትሯል፣ አልተደሰተም ይለዋል ብሎ ፈርቶ ነው። በውስጡ ሲስቅ ውጪው አልታዘዝለት አለ። እስቲ አስቢው። ያ ሰፊ ግንባር የእሱ ነው። ያ ፍንጭት የእሱ ነው። ያ ጥቁረት የእሱ ነው። የሁለታችሁም አንድ ፊት ነው። እና በአንድ ሳምንት ውስጥ እሱ በእጁ ይሸፍነዋል፣ አንቺ በክሬም ልታጠፊው ትነሻለሽ። እኔ ደግሞ ያንን ፊት ለማየት በምን ያህል ጉጉት እንደምኖር ብታውቂ! በቪዲዮ ስትስቂ የማየው እኮ እሱን ነው። ለጊዜው የእሱ ፈገግታ ግማሽ ሆኗል። ሙሉው ያለው አንቺ ጋ ነው። እሱም አንቺን ሲያይ የድሮ ፊቱን ያያል። ይህን እንድትቀንሺበት አልፈልግም።

ተቆጣሁሽ እንዴ? አልተቆጣሁም። ናፍቀሽኝ ነው።

ሰርግሽ ላይ አልገኝም። ወረቀቴ አላለቀም፤ አሁን ከወጣሁ መመለሻ የለኝም። "ብር መላክ ብቻ" የሚሉ ዘመዶች እንዳሉ ሰምቻለሁ። ምን ላድርግ? ጠበቃውን እጨቀጭቀዋለሁ፤ ጠብቂ ይለኛል። አንቺ ግን እህቴ ረሳችኝ እንዳትይ። ለዚያ ቀን ከሥራ ፈቃድ ወስጃለሁ። ከጠዋት ጀምሮ ስልኬን ይዤ እቀመጣለሁ። አንዱን ዘመድ ስልክ አስይዢልኝና ስትገቢም ስትወጪም ያሳየኝ።

ፎቶ አንሺውንም ንገሪልኝ። ሲያስተካክል አንቺን እንዳያቀላሽ። የአባዬንም አፍ እንዳያቃናው። ፊልተር አልፈልግም። አባዬ ከጎንሽ ይቁም። የቱ ጎኑ ወደ ካሜራው ይሁን የሚለውን ራሱ ይምረጥ፤ መቆሙን ግን ይቁም። ትልቁን አሳጥበሽ ለኔ ትልኪልኛለሽ። ግድግዳዬ ላይ ቦታ አዘጋጅቻለሁ።

ለእማዬ ስለ ክሬሙ የጻፍኩትን አንብቢላት፤ ስለ ሜርኩሪው በተለይ። ለአባዬ ግን ይህን ደብዳቤ አታንብቢለት። ለእሱ ለብቻው እጽፍለታለሁ። እሁድ ማታ እደውላለሁ፤ በመጀመሪያ እሱን አገናኚኝ። ዓይኑ ከቀላ ወይም ካመመው ግን እሁድን አትጠብቂ፣ ዛሬውኑ ሐኪም ጋ ውሰጂው።

እህትሽ