«ክፈትላት!»፦ የድራማ ክበብ የዓመቱ ዘገባ

ዘንድሮ ክበባችን ተዋንያኑ አንድም ቃል የማይናገሩበት ድራማ ሠርቷል። «የራሳችን ታሪክ አልቆ ነው ጃፓን የሄዳችሁት?» ያሉኝ ባልደረቦች አሉ። አላለቀም። ግን ታሪኩን ስሙና ፍረዱ።

የተወሰደው «የሄይኬ ታሪክ» ከተባለው ጥንታዊ የጃፓን መጽሐፍ ነው። ዘመኑ 12ኛው ክፍለ ዘመን ነው። ቶኪዮሪ የተባለ የቤተ መንግሥት ዘብ ዮኮቡዌ የምትባል የእልፍኝ አገልጋይ ይወዳል። አባቱ ከትልቅ ቤት ሊድሩት አስበው ነበርና ተቆጡ። እሱም በ19 ዓመቱ ዓለም በቃኝ ብሎ ኪዮቶ አጠገብ ሳጋ በሚባል ቦታ መነኮሰ። ልጅቷ አፈላልጋ በሩ ላይ ደረሰች። በቀዳዳ እያያት «እንዲህ ያለ ሰው እዚህ የለም» አስባለ። ዳግም እንዳትመጣ ብሎም በዚያ ዘመን ሴት ወደማይገባበት ወደ ኮያ ተራራ ሄደ። እሷም ናራ ውስጥ መነኮሰች፤ ብዙም ሳትቆይ አረፈች።

ለተዋንያኑ ሁሉ የሚናገር አንድ ተራኪ አቆምን። በጃፓን የድምፅ አልባ ፊልም ዘመን ከስክሪኑ አጠገብ ቆሞ የሁሉንም ድምፅ የሚያወጣ ቤንሺ የሚባል ባለሙያ ነበር። በትርጉም ፊልም ያደጉት ልጆቻችን ነገሩ ወዲያው ገባቸው። ደግሞ እውነቱን ልናገር፤ ማይክ የለንም። ለሰልፍ ሲሆን ስፒከሩ ይገኛል፣ ለክበብ ሲሆን ቁልፉ ይጠፋል።

ስብሰባ በየሳምንቱ ነበር፤ ቃለ ጉባኤው አለ። በመጀመሪያው መንፈቅ ልናሳይ አዳራሽ አጣን። ሁለት ተዋንያንም «ፈተና ደረሰ» ብለው ወጡ።

የወላጆች ቀን ደረሰ። ቶኪዮሪን የሚሠራው ልጃችን በልምምድ ሁሉ እዚህች የበሩ ትዕይንት ላይ እየሳቀ አስቸግሮን ነበር። ያን ቀን አልሳቀም። ዮኮቡዌ ከደጅ ቆማለች። እሱ ያልነገርነውን አደረገ፤ እጁን መቀርቀሪያው ላይ አሳረፈ። ከኋላ አንዲት እናት «ኧረ ክፈትላት!» ብለው ጮኹ። አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። ልጁ ግን ሳቁ እስኪያልቅ ጠበቀና እጁን መለሰ። ተራኪያችንም የተጻፈለትን ትቶ ዝም አለ። እኔ መጋረጃ ስር ሆኜ እንባዬን እጠርግ ነበር፤ የትኛውም መድረክ ላይ እንዲህ ሆኜ አላውቅም።

ሰኞ ክርክር ሆነ። ሴቶቹ «እሺ ይመንን፣ ግን ራሱ ወጥቶ ይንገራት! ሰው ይልካል እንዴ?» አሉ። ዲያቆኑ ተማሪያችን «ፊት ለፊት ካያትማ አበቃለታል» ብሎ ተሟገተ። እኔ ከሴቶቹ ጋር ነኝ።

ለመጪው ዓመት የምንለምነው ብዙ አይደለም። መጋረጃ፣ ሁለት የመድረክ መብራት፣ የአዳራሹ ቁልፍ አንድ ቅጂ። የድራማውን በር የሠሩልን የእንጨት ሥራ መምህር ናቸው፤ የጣውላውን ሒሳብ ከኪሳቸው ከፍለዋልና የወላጆች ኮሚቴ ቢያስብበት።