ማስታወቂያ ቫይረስ አይደለም፤ ታብሌቱን ፎርማት አታስደርጉ

ክቡር አዘጋጅ፣

ስለ ልጆችና ስለ ታብሌት ሰሞኑን ያወጣችሁትን ጽሑፍ አነበብኩ። ጸሐፊው ወላጆች መሣሪያውን ከልጆቻቸው እጅ እንዲነጥቁ መክረዋል። ምክሩን አልቃወምም። ነገር ግን ከጥገና ጠረጴዛ ጀርባ ተቀምጦ ለሚውል እንደ እኔ ላለ ሰው አንድ ትልቅ ጉዳይ ተዘሎበታል። ደሴ ፒያሳ አካባቢ ባለች ጠባብ ሱቅ የእጅ ስልክና ታብሌት ስጠግን አሥራ አንድ ዓመቴ ነው። «ቫይረስ ገባበት» ብለው ታብሌት ይዘውልኝ ከሚመጡት ሰዎች የብዙዎቹ ችግር ቫይረስ ሳይሆን ማስታወቂያ ነው።

ባለፈው ወር አንዲት እናት የልጅ ልጃቸውን አስከትለው መጡ። ታብሌቱን የላከችው ሪያድ ሰው ቤት የምትሠራው ልጃቸው ናት። ርካሽ ዕቃ ነው፤ ራሙ 2 ጊጋባይት፣ ማከማቻው 32፣ መስታወቱም ጥጉ ላይ ተሰንጥቋል።

«ወላሂ ልጄ፣ ይህ ነገር ሸይጣን ሰፍሮበታል» አሉኝ። «ልጁ መኪና ሲነዳ ቆይቶ ድንገት እርቃኗን የቀረች ሴት ትመጣለች። እሷ ስትሄድ ደግሞ ብር እንደ ዝናብ ይወርዳል። የምሞላለት ካርድ ሦስት ቀን አይቆይም።»

«እማማ፣ እስኪ አረፍ ይበሉ፤ አብረን እንየው» አልኳቸውና ልጁን ተጫወት አልኩት። ሰባት ዓመት ቢሞላው ነው። አንድ ዙር ጨረሰ፤ ማስታወቂያው ከች አለ። ልጁ አልደነገጠም፤ ጣቱን ጥጉ ላይ ደግኖ ቆጠራው እስኪያልቅ ጠበቀ። የመዝጊያዋ ምልክት ስትወጣ ከጤፍ ፍሬ ብዙም አትበልጥም። ሊነካት ሲል ሳታት፤ ወዲያው የመተግበሪያ መደብሩ ተከፈተና ሌላ ጨዋታ ጫን አለው። አያቱ «አየህልኝ?» አሉ። አየሁ።

እዚህ ላይ የራሴን ኃጢአት ልናገር። ከጥቂት ዓመታት በፊት ቢሆን ኖሮ «አዎ፣ ቫይረስ ነው» ብዬ፣ ታብሌቱን ፎርማት አድርጌ፣ ማለትም ውስጡ ያለውን ሁሉ ጠርጌ፣ ሒሳቤን ተቀብዬ እሸኛቸው ነበር። ፎርማት የተደረገ ታብሌት ለሁለት ቀን ንጹሕ ይመስላል፤ ጨዋታዎቹ ጠፍተዋላ። ልጁ ያንኑ የመኪና ጨዋታ መልሶ ሲያወርድ ማስታወቂያውም አብሮት ይመለሳል፤ ደንበኛውም ወደ እኔ። ለእኛ ለጠጋኞች ጥሩ እንጀራ ነበር። የቤተሰብ ፎቶግራፍና እናት ከሪያድ የላከችው የድምፅ መልእክት አብረው ሲጠረጉ ግን ዋጋውን የሚያሰላው አልነበረም።

ነገሩ የሚሠራው እንዲህ ነው። በነጻ የሚወርድ ጨዋታ ሠሪው ገቢ የሚያገኘው በአንዱ ዙርና በሚቀጥለው መካከል ያለችውን ክፍተት በመሸጥ ነው። ታብሌቱ ኢንተርኔት ላይ እስካለ ድረስ ያቺ ክፍተት በዓይን ጥቅሻ ጨረታ ትወጣለች፤ የተሻለ ዋጋ የሰጠ ይገባባታል። ቪዲዮው ሲመጣ እንዳይንቀራፈፍ ደግሞ ጨዋታው አስቀድሞ ያወርደዋል። ስለዚህ ልጁ ጨዋታውን ዘግቶ ሳያየው የቀረው ማስታወቂያ እንኳ የእማማን ጥቅል በልቶ ነው የሚሄደው። በዚያ ታብሌት ላይ የዳታ አጠቃቀሙን ዝርዝር ከፍተን ስናይ አንደኛ የወጣው ዩቲዩብ አልነበረም። ያለ ምንም ኢንተርኔት መሥራት የሚችለው የመኪና ጨዋታ ነበር!

መድኃኒቱም ከዚሁ ይጀምራል፤ ገንዘብ የሚቀበሉበት እስከማይመስል ድረስ ቀላል ነው። ልጁ መጫወት ከመጀመሩ በፊት ኢንተርኔቱን የምታቋርጠውን፣ የአውሮፕላን ሥዕል ያለባትን ምልክት መንካት ብቻ። ቀድሞ የወረደ አንድ ሁለት ማስታወቂያ ብቅ ሊል ይችላል፤ ከዚያ በኋላ ጸጥ ይላል። ኢንተርኔት ካላገኘሁ አልሠራም የሚል ጨዋታ አለ፤ እንዲህ ያለው ለሰባት ዓመት ልጅ ቢቀርበት የሚጎድለው አይታየኝም። እማማ ምልክቷን ባንድ ጊዜ ለመዱ። «አውሮፕላኗ ስትበራ ሸይጣኑ ይተኛል ማለት ነው» አሉ። ከዚህ የተሻለ ማብራሪያ እኔም አላውቅም።

ኢንተርኔት የግድ ሲሆን ሌላ መንገድ አለ። እ.ኤ.አ. በ2018 ከወጣው አንድሮይድ 9 ጀምሮ፣ ሁላችን ሴቲንግ በምንለው ውስጥ፣ ከኔትወርክ ሥር «የግል ዲኤንኤስ» የሚባል ቦታ ይገኛል። ዲኤንኤስ ማለት የኢንተርኔት የስልክ ማውጫ ነው። ታብሌቱ አንድን ስም ይዞ ይጠይቃል፤ ማውጫው ቁጥሩን ይነግረዋል። አድጋርድን የመሰሉ ኩባንያዎች ማስታወቂያ አከፋፋዮችን ሆን ብሎ የማያውቅ ማውጫ በነጻ ይሰጣሉ። አድራሻውን እዚያ ቦታ ላይ ጽፎ ማስቀመጥ በቂ ነው፤ ከዚያ በኋላ ጨዋታው ማስታወቂያ አምጣልኝ ሲል «እንዲህ የሚባል ሰው እዚህ ሰፈር የለም» ይባላል። ሁሉንም አያስቀርም። ከጨዋታው ከራሱ ኮምፒውተር የሚመጣው ያልፋል። ቪዲዮ አይቶ ሳንቲም መሰብሰብ የለመደ ልጅም ሳንቲሙ ሲቀርበት ያኮርፋል። ሆቴል ወይም ካፌ ውስጥ በይለፍ ገጽ የሚከፈት ዋይፋይ አልገናኝ ካለ ደግሞ ለጊዜው ወደ ነበረበት መመለስ ነው።

ጨዋታ ሲመረጥም የሚታይ ነገር አለ። በጎግል ፕሌይ መደብር ከጨዋታው ስም ሥር ማስታወቂያ ያለው መሆኑ ተጽፎ ይገኛል፤ ስንቱ ወላጅ ያነበዋል? በመደብሩ ደንብ መሠረት ማስታወቂያው ከጨዋታው የዕድሜ ደረጃ ጋር መስማማት አለበት። ከመስከረም 20 ቀን 2015 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ ሳይጠየቅ መጥቶ ሙሉ ገጽ የሚይዝ ማስታወቂያ ከ15 ሰከንድ በኋላ መዘጋት የሚችል መሆን አለበት፤ ለልጆች በተዘጋጀ ጨዋታ ውስጥ ገደቡ 5 ሰከንድ ነው። ጥብቁ ደንብ የሚሠራው ግን ሠሪው ጨዋታዬ ለልጆች ነው ብሎ ሲያስመዘግብ ነው። የእማማ የልጅ ልጅ የመኪና ጨዋታ ለልጆች ተብሎ አልተመዘገበም፤ ልጁ ግን ይህን በምን ያውቃል? አጥፍተን ጂኮምፕሪ የተባለውን ጫንኩለት። ከ100 በላይ ትንንሽ ትምህርት አዘል ጨዋታዎች አሉት፤ ነጻ ነው፤ ማስታወቂያ የለውም። መጀመሪያ ፊቱን አጠቆረብኝ። ዓሣ ማጥመድ ሲያገኝበት ዝም አለ።

እስካሁን ያልኩት ማስታወቂያው ከጨዋታው ውስጥ ሲወጣ ነው። ጨዋታው ተዘግቶ እያለ፣ ሰዓት ለማየት ስክሪኑን ስታበሩ የሚዘል ማስታወቂያ ግን ሌላ ነገር ነው፤ እሱ እኔንም ያሳስበኛል። እንዲህ ሲሆን ማስታወቂያውን ሳትዘጉ የቅርብ መተግበሪያዎችን የምታሳየውን ቁልፍ ንኩ፤ ብዙ ጊዜ የባለቤቱ ምልክት እዚያው ይታያል። አንዳንዴ የእጅ ባትሪ ነው፤ አንዳንዴ ማን እንደጫነው የማይታወቅ ስልክ አጽጂ። ካልተገኘ ታብሌቱን በሴፍ ሞድ ማስነሳት ይቻላል፤ በዚያ ጊዜ ሰው የጫናቸው መተግበሪያዎች ሁሉ ስለማይሠሩ ማስታወቂያው ከጠፋ ጥፋተኛው ከእነሱ አንዱ ነው። በሴፍ ሞድም ካልጠፋ ዕቃው ከፋብሪካ ሲወጣ ጀምሮ ተበክሎ ሊሆን ይችላል። ይህ ተረት አይደለም፤ እ.ኤ.አ. በ2023 ባድቦክስ የተባለው የማጭበርበሪያ ሶፍትዌር በርካሽ የአንድሮይድ ዕቃዎች ላይ ገና ከመሸጣቸው በፊት ተጭኖ እንደነበር የደኅንነት ባለሙያዎች ይፋ አድርገዋል። እኔም ካርቶኑ ላይ አንድሮይድ 13 ተብሎ የተጻፈበት፣ ሲከፈት ግን 8 ሆኖ የተገኘ ታብሌት በእጄ አልፏል። ስለዚህ ስትገዙ ሻጩ ፊት የፕሌይ መደብሩን ሴቲንግ ክፈቱና ዕቃው በፕሌይ ፕሮቴክት፣ ማለትም በጎግል የደኅንነት ማረጋገጫ፣ የተረጋገጠ መሆኑን እዩ። አልተረጋገጠም ካለ ገንዘባችሁን ይዛችሁ ውጡ።

ማስታወቂያ የሌለበትን ጨዋታ ለምን ከፍላችሁ አትገዙም የሚል አንባቢ አይጠፋም። ሠሪውም መብላት አለበት፤ በዚህ አልከራከርም። እኔ ራሴ ለልጄ አንዱን ልገዛ ሞክሬ የባንክ ካርዴ በውጭ ምንዛሪ አይከፍልምና ተመለስኩ። ብር ይዞ የሚቀበለው ያጣ ሰው በዓይኑና በዳታው እንዲከፍል ተፈርዶበታል።

በመጨረሻ ይህ ሁሉ በጠጋኝ ሱቅ ብቻ የሚያልቅ አይደለም። በአዋጅ ቁጥር 1112/2011 የቢራና የሌላ አልኮል ማስታወቂያ ከሬዲዮና ከቴሌቪዥን እንዲወጣ ተደርጓል። ያኔ ከሚሰጡት ምክንያቶች አንዱ የልጆች ጉዳይ ነበር። ዛሬ ልጁ የሚያየው ቴሌቪዥኑን ሳይሆን ጭኑ ላይ ያለውን ታብሌት ነው፤ እዚያ ደግሞ ቁማሩም እርቃኑም ይታያል። የማስታወቂያ አዋጁ ቁጥሩ 759/2004 ነው፤ ሲወጣ ደሴ ላይ ታብሌት የያዘ ልጅ ማየት ብርቅ ነበር። ውጭ አገር ተጫርቶ እዚህ የሚታይ ማስታወቂያ በዚያ አዋጅ እንዴት እንደሚያዝ የሚመለከታቸው ሰዎች ቢያስረዱን እወዳለሁ። የግል ዳታ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 ወጥቷል፤ አስፈጻሚውም የኢትዮጵያ ኮሙኒኬሽን ባለሥልጣን ነው። ጨረታው የሚካሄደው የልጁ ታብሌት በሚያወጣው መረጃ ላይ ተመሥርቶ ነውና፣ ጥያቄው በዚህም በኩል ሊነሳ ይገባዋል። ጋዜጣችሁ እነዚህን መሥሪያ ቤቶች ቢጠይቅልን እኛ ደብዳቤ ከምንጽፍ የበለጠ ያስኬዳል።

እስከዚያው እኔ ሱቄ በር ላይ «የታብሌት ማስታወቂያ በነጻ ይቀነሳል» የሚል ወረቀት ለጥፌያለሁ። እማማ ሁለት ጎረቤቶቻቸውን ልከውልኛል። አጠገቤ ያሉት ሱቆች ግን ሰላምታቸው ቀዝቅዟል፤ ይህን ደብዳቤ ካወጣችሁት ደግሞ ይብስባቸዋል።

ከአክብሮት ጋር
አንድ የእጅ ስልክ ጠጋኝ
ከደሴ