ግልጽ ደብዳቤ ለከተማችን ፖሊስ ኮሚሽነር፦ ካልታሰርኩ ለምን መውጣት ተከለከልኩ?

ክቡር ኮሚሽነር፣

ለቢሮዎ ሁለት ጊዜ አቤቱታ አስገብቻለሁ። የሁለቱም ቅጂ፣ የመዝገብ ቤትዎ ማኅተም ያረፈበት፣ እጄ ላይ አለ። የመጀመሪያው ሦስት ወር አለፈው። መልስ የሰጠኝ የለም፤ ስለዚህ በአደባባይ እጽፋለሁ።

የፍቺ አቤቱታ አቅርቤ ከቤት ስወጣ የያዝኩት የልጄን ልብስና የምተዳደርበትን የስፌት መኪና ብቻ ነው። ባለቤቴ «ንብረት ሰርቃ ወጣች» ብሎ አመለከተ። ከዚያ ወዲህ አምስት ጊዜ ጣቢያ ተጠርቻለሁ፤ አምስቱንም በስልክ። አንድም ቀን የጽሑፍ መጥሪያ አልደረሰኝም። ቃሌን ተቀብሎ ያስፈረመኝም የለም።

ሦስተኛውን ቀን ልንገርዎ። ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ ደረስኩ። ስልኬን ተቀብለው መሳቢያ ውስጥ ቆለፉበት፤ ኮሪደሩ ላይ ካለው አግዳሚ ወንበር ተቀመጪ ተባልኩ። ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ሲሆን «ልጄን ከትምህርት ቤት የሚያመጣልኝ ሰው የለም፤ እባካችሁ አንዴ ልደውል» ብዬ ለመንኩ። መርማሪው ከወረቀቱ ቀና እንኳ ሳይል «ፍርድ ቤት ያለውን ፋይል አንሺና ወደ ባልሽ ቤት ግቢ። ያኔ ልጅሽንም ታመጫለሽ» አለኝ። የለቀቁኝ ከመሸ በኋላ ነው። የሰባት ዓመት ልጄን ከትምህርት ቤቱ ዘበኛ ጋር፣ ቦርሳውን እንዳዘለ፣ በር ላይ ቆሞ አገኘሁት። «እማ፣ ታስረሽ ነበር?» አለኝ።

እስካሁን መልስ አላገኘሁለትም። ሕጉም አላገኘልኝም። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 19 የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ይቅረብ ይላል። ካልቀረበ አካሉ ነጻ እንዲወጣ ፍርድ ቤቱን መጠየቅ ይችላል። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉም ከቁጥር 177 ጀምሮ ስለዚሁ አቤቱታ ደንግጓል። ጠበቃ ዘንድ ስሄድ ግን «ማታ ማታ ይለቁሻል። አሁን የያዘሽ ሰው ከሌለ ፍርድ ቤቱ ማንን ነጻ ያውጣ?» አለኝ። በጠሩኝ ቁጥር ሰዓቱ እንደ አዲስ ይቆጠራል፤ 48 አይሞላም። በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 423 ሕገ ወጥ መያዝ ወንጀል ነው፣ እርግጥ ነው። ግን አቤት የምለው ለዚያው ጣቢያ ነው? ካሣ ልጠይቅ ብልስ መያዜን በምን አስረዳለሁ? መግቢያዬም መውጫዬም አልተመዘገበም።

ይህን ሁሉ እርስዎ ከእኔ በላይ ያውቁታል። የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ (አዋጅ ቁጥር 213/1992) አንቀጽ 117 ፍቺን የመወሰን ሥልጣን የፍርድ ቤት ብቻ መሆኑን ይናገራል። አንቀጽ 63 ደግሞ የተጋቢዎች ንብረት የግል መሆኑ እስኪረጋገጥ ድረስ የጋራ ተደርጎ እንደሚገመት ይደነግጋል። የስፌት መኪናው የማን እንደሆነ የሚወስነው ችሎቱ ነው። የፍርድ ቤት መዝገብ ዝጊ ብሎ የማዘዝ ሥልጣን ለመርማሪ ማን ሰጠው?

ፖሊስ በትዳር ጉዳይ አይግባ አላልኩም። እዚያው አግዳሚ ላይ አጠገቤ የተቀመጠች፣ ዓይኗ የጠቆረ ሴት ነበረች። «የባልና ሚስት ነገር ነው፣ በሽማግሌ ጨርሱት» ብለው መለሷት። እኔን ያስቀመጡኝም ያው ሰዎች ናቸው። የእሷ ነገር እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

የምጠይቀው ብዙ አይደለም። የሚጠራ ሰው በ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 25 መሠረት በጽሑፍ ይጠራ፤ የገባበትና የወጣበት ሰዓት ይመዝገብ። የተጠረጠርኩበት ነገር ካለ ለዐቃቤ ሕግ ይቅረብና ልከሰስ፤ ችሎት ቆሜ እመልሳለሁ።

ትናንት ደግሞ ተደውሎልኛል፤ ሰኞ ሦስት ሰዓት ነይ ተብያለሁ። መጥሪያ ካልደረሰኝ አልሄድም። ሰኞ ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ ልጄ ትምህርት ቤት በር እገኛለሁ፤ የሚፈልገኝ እዚያ ያገኘኛል።