የቀረፅነውን ለወሎ ሰው እናሳየው

ለደሴ ከተማ ባህልና ቱሪዝም መምሪያ
ደሴ

ጤና ይስጥልኝ። እኔ ለተለያዩ ጣቢያዎች በተባባሪነት ዘጋቢ ፊልም የምሠራ የደሴ ልጅ ነኝ። ቋሚ ደመወዝ የለኝም። ስደት፣ ያለ ዕድሜ ጋብቻ፣ የተፈናቃይ ኑሮ እያልኩ ከባቲ እስከ ጃሪ ካሜራ ተሸክሜ 14 ዓመት ዞሬያለሁ።

ሐርቡ አካባቢ አንዲት እናት ቀርጬ ነበር። ልጃቸው በጅቡቲ በኩል ባሕር ተሻግራ ከሄደች ወሬዋ ጠፍቷል። አቦሉም ቶናውም እስኪያልቅ ስለ ልጃቸው ትንፍሽ አላሉም። የታጠበውን ሲኒ መልሰው መላልሰው ያጥባሉ። በረካው ላይ ነው የተናገሩት። ከስድስት ወር በኋላ ስመለስ፣ «ያ ነገር ታየ እንዴ ልጄ?» አሉኝ።

«አዎ እማማ፣ ታይቷል።»

«ማን አየው?»

ምን ልበል? በቀበሌያቸው መብራት የለም። ጣቢያውን ቅጂ ስጠይቅ ደግሞ «ቦታ ሞልቶብን አጥፍተነዋል» አሉኝ። ለእሳቸው ስነግራቸው «አብሽር» ብለው እኔኑ አጽናኑኝ። በጣም አፈርኩ።

ነገሩ በእኔ አልተጀመረም። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረሃብ ቀርፆ በጥቅምት 1966 ዓ.ም. ለእንግሊዝ ሕዝብ አሳየ። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ ደርግ ያንኑ ምስል ከቤተ መንግሥት ድግስ ጋር አቀናብሮ በአገር ውስጥ ቴሌቪዥን አስተላለፈው። በማግስቱ ንጉሡ ወረዱ። ያን ማታ ከተራበው ገበሬ ስንቱ ቴሌቪዥን ነበረው? በ1977 ዓ.ም. ደግሞ ኬንያዊው መሐመድ አሚን ያኔ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር ከነበረችው ኮረም የቀረፀው ዓለምን አስለቀሰ። ሰውየውን አደንቀዋለሁ። በ1983 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ የጥይት መጋዘን ሲፈነዳ አንድ እጁን አጥቶ እንኳ ካሜራውን አልተወም። ግን የኮረም ሰው ያን ፊልም መቼ አየው?

የምለምነው አንድ ክፍል ነው። የደሴ ሙዚየም በ2014ቱ ጦርነት መዘረፉን ታውቃላችሁ፤ እሱን ስታደራጁ አንዷን ክፍል ለፊልም አድርጓት። አንድ ፕሮጀክተርና ጥቂት ወንበር ይበቃል። ማሳያው ሰኞ ይሁን፤ የገጠሩ ሰው ለገበያ የሚወጣው ያን ቀን ነው። ጣቢያዎቹንም ቅጂ ጠይቁልን። እኔ ብጠይቅ ማን ይሰማኛል? ማኅተም ያለበት ደብዳቤ ሲደርሳቸው ግን ያነባሉ።

አንድ ነገር አደራ፦ ፊታችን ይሸፈን ያሉ ሰዎች አሉ፤ እነሱ ሳይፈቅዱ አይታይ። ጎረቤት ለንደን አይደለም፣ ጠዋት ውኃ ስትቀጂ ያገኝሻል።

ከእኔ ዘንድ ሁለት ሃርድ ዲስክ አለ። የሐርቡዋ እናት ግን እዚያ ውስጥ የሉም። የፊታችን ሰኞ ይዤው እመጣለሁ፤ ጠዋት ትገባላችሁ አይደል?

ከአክብሮት ጋር
የደሴው ካሜራማን