የሰፋሪ ገበሬዎቹ ልጆች አይዘንጉ

ክቡር አዘጋጅ፣

ስለ አሜሪካ ሜዳማ ግዛቶች ሰፋሪ ገበሬዎች ያወጣችሁትን ጽሑፍ በጥሞና አነበብኩት። እ.ኤ.አ. በ1862 የወጣው ሕግ፣ አምስት ዓመት ኖሮበት ላለማው ሰው 160 ኤከር መሬት ይሰጥ እንደነበር በሚገባ ተብራርቷል፤ ይሁንና መሬቱን ያቀናው አባወራው ብቻ አልነበረም።

በካንሳስና በነብራስካ ዛፍ ብርቅ ስለነበር፣ ቤቱ የሚሠራው ሣሩ ከነሥሩና ከነአፈሩ እየተቆረጠ እንደ ጡብ በመደራረብ ነበር፤ ዝናብ ሲጥልም ጣሪያው ጭቃ ያንጠባጥባል። ለማገዶ ኩበት መልቀም፣ ከብት መጠበቅና ውኃ መቅዳት በአብዛኛው የልጆች ድርሻ ነበር። ከሁሉ ይልቅ ያሳዘነኝ የጃንዋሪ 12 ቀን 1888 የበረዶ ማዕበል አለመጠቀሱ ነው፤ ጠዋቱ ለብ ያለ ስለነበር ወፍራም ልብስ ሳይደርቡ የወጡ ብዙ ተማሪዎች፣ ከትምህርት ቤት ሲመለሱ ማዕበሉ ደርሶባቸው ሜዳ ላይ ቀርተዋል።

መሬቱም ባለቤት አልባ አልነበረም። ስለዚህ በሚቀጥለው እትማችሁ የእነዚህን ልጆች ሕይወት፣ እንዲሁም ፓውኒና ላኮታን የመሳሰሉ ነባር ሕዝቦች ከቀያቸው የተገፉበትን ታሪክ እንድታካትቱ በአክብሮት እጠይቃለሁ።

አንባቢያችሁ