የዱር እንስሳት ወዳጆች ክበብ፦ እጃችንን የሰበሰብንበት ዓመት

የትምህርት ቤታችን ክበብ ዘንድሮ ያቀረባቸው ዝግጅቶች ከሌሎች ዓመታት ያነሱ ናቸው። ዓመቱን በአንድ ጥያቄ ላይ ለማዋል ስለወሰንን ነው፦ ለዱር እንስሳ ምግብ መስጠት ለምን ይጎዳዋል? ጥያቄው የመጣው ከአጥራችን ወዲያ ባሉት ዛፎች ላይ ከሚውሉት ጦጣዎች ነው። የምሳ ሰዓታችንን ለይተው ማወቅ ጀምረው ነበር። ትርፍራፊ የሚወረውሩላቸው ልጆች ደግሞ በግቢው ካሉት ሁሉ ርኅሩኆቹ ናቸው። በድንጋይ የሚያባርርን ልጅ መገሠጽ ቀላል ነው፤ ምሳውን የሚያካፍለውን ልጅ «ተው» ለማለት ግን ማስረዳት ያስፈልጋል። የዓመቱ ሥራችን ይኸው ማስረዳት ሆነ።

የመጀመሪያው መንፈቅ ዓመት በንባብ አለፈ። አንደኛው ቡድን ያቀረበው የአሜሪካውን የሎውስቶን ብሔራዊ ፓርክ ታሪክ ነበር። በዚያ ፓርክ ጎብኚዎች ለረጅም ዘመን በመኪና መስኮት ድብ ያጎርሱ ነበር፤ ቆሻሻ መጣያው ዘንድ ሲመገቡ ለማየትም መቀመጫ ተዘጋጅቶላቸው ነበር። እ.ኤ.አ. ከ1931 እስከ 1969 በድቦች የቆሰሉት ሰዎች በአማካይ በዓመት 48 ነበሩ። ከ1970 ጀምሮ ክልከላው ጠበቀ፤ መጣያዎቹም ተዘጉ። የሚቆስለው ሰው ቁጥር በጊዜ ሂደት በዓመት ወደ አንድ ገደማ ወረደ። ዋጋውን የከፈሉት ግን ድቦቹ ናቸው። በትርፍራፊ ያደጉት ግሪዝሊ ድቦች መጣያው ሲዘጋባቸው ወደ ሰው ሰፈር ዘለቁ፤ ብዙዎቹም ተገደሉ። ያጎረሳቸው ሰው በሰላም ወደ ቤቱ ሄዷል።

አባላቱን ይበልጥ የነካቸው የኬንያ ዝንጀሮዎች ጉዳይ ነው። ተመራማሪው ሮበርት ሳፖልስኪ በማሳይ ማራ አካባቢ ሲያጠኑት ከነበረው መንጋ ጉልበተኞቹ ወንዶች በየማለዳው ወደ አንድ የቱሪስት ማረፊያ ቆሻሻ መጣያ እየሄዱ ከሌሎች ዝንጀሮዎች ጋር ይሻሙ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ በሳንባ ነቀርሳ የተበከለ ሥጋ እዚያ ተጣለ፤ ሲሻሙ የነበሩትም አለቁ። ትርፍራፊ ለደካማ እንስሳ የሚደረግ እርዳታ ነው የሚለው አስተሳሰብ ክበባችን ውስጥ ያበቃው በዚያን ዕለት ይመስለኛል።

የባዮሎጂ መምህራችን ደግሞ የሚያመሰኩ እንስሳትን ጉዳይ አስረዱን። በሆዳቸው ውስጥ ምግብ የሚፈጩላቸው ጥቃቅን ተሕዋስያን ከለመዱት ቅጠል ጋር የተስማሙ ናቸው። በበረዶ ወራት ሰው አዝኖ ብዙ እህል ያቀረበለት አጋዘን ሆዱ በአሲድ ተሞልቶ ሊሞት ይችላል፤ ሆዱ ሙሉ እንደሆነ ማለት ነው። ይህን የሰማች አንዲት የሰባተኛ ክፍል ተማሪ በሚቀጥለው ሳምንት ጉዳዩን በሚኒ ሚዲያ ራሷ አቀረበችው፤ ከእኔ የተሻለ አድርጋ።

በክርክሩ ላይ ከባድ ጥያቄዎች ተነሡ። ድርቅ ሲሆንስ? እናቱን ያጣ ግልገል ሲገኝስ? እንዲህ ባለ ጊዜ የሚጠራው የእንስሳት ሐኪም ወይም የፓርክ ባለሙያ እንደሆነ ተስማማን፤ ምን፣ ምን ያህልና ለምን ያህል ጊዜ እንደሚሰጥ የሚያውቁት እነርሱ ናቸውና። በወፎች ላይ ግን አልተስማማንም። እ.ኤ.አ. በ1994 በምሥራቅ አሜሪካ ፊንች በተባሉት ወፎች ላይ የታየው ዓይን የሚያሳብጥ በሽታ ወፎች በሚሰበሰቡባቸው መመገቢያዎች በኩል እንደተዛመተ አንብበናል። በየጊዜው የሚታጠብ መመገቢያ ይፈቀድ የሚሉ አባላት አሉ፤ እኔ በበኩሌ ዛፍ መትከል ይሻላል ከሚሉት ወገን ነኝ።

ሁለተኛው መንፈቅ ዓመት የተግባር ነበር። የቆሻሻ ማጠራቀሚያዎቹ ሁሉ ክዳን ተገጠመላቸው፤ አባላትም በምሳ ሰዓት በአጥሩ አጠገብ ተራ ገቡ። ከዚያ በኋላ የሆነውን በዝርዝር መጻፍ የምፈልገው ሌሎች ትምህርት ቤቶችም ስለሚገጥማቸው ነው። ምግቡ ሲቋረጥ ጦጣዎቹ አልተዉም፤ ባሰባቸው እንጂ። ቦርሳ እስከ መንጠቅ ደረሱ። አንዳንድ ልጆች አዝነው በስውር መወርወር ቀጠሉ። አልፎ አልፎ የሚገኝ ምግብ ደግሞ ዘወትር ከሚገኘው ይልቅ እንስሳን ተስፋ እንዳይቆርጥ ያደርገዋል፤ ስለዚህ እያንዳንዱ ስውር ጉርሻ ችግሩን አራዘመው። ይህንን በየክፍሉ እየዞሩ ያስረዱት አባላት ናቸው። ቀስ በቀስ መንጋው የምሳ ሰዓታችንን መጠበቅ ተወ።

ለታናናሽ ተማሪዎች የሰጠነው ሥልጠና አጭር ነበር፦ ምግብ በእጅ ይዞ አለመጠጋት፣ ዓይን ለዓይን አለማፍጠጥ፣ ጥርስን እያሳዩ አለመሳቅ፣ አለመሮጥ። ጦጣ ጥርስ ሲያይ የሚረዳው ዛቻን ነው። የነከሰው ወይም የቧጨረው ልጅ ቁስሉን ወዲያው በውኃና በሳሙና ለ15 ደቂቃ ይጠብ፤ ሳይውል ሳያድርም ወደ ጤና ተቋም ይሂድ። የእብድ ውሻ በሽታ ምልክቱ ከታየ በኋላ መዳን የለም ማለት ይቻላል፤ ክትባቱ የሚያድነው ቀድሞ ሲደርስ ነው።

ክዳኖቹን የገጠሙልንን የጥገና ሠራተኞችና በምሳ ሰዓት ከአባላቱ ጋር የቆሙትን የጥበቃ ሠራተኞች ከልብ እናመሰግናለን። በመጪው ዓመት ጦጣዎቹ በየወሩ የሚመገቡትን ቅጠልና ፍሬ መመዝገብ እንጀምራለን። መዝገቡ በቤተ መጻሕፍት ይቀመጣል፤ ያየውን ለመጻፍ አባል መሆን አያስፈልግም፤ ቀንና የዛፉን ዓይነት መጥቀስ ይበቃል።